ሜምኖን የኛ ነው ወይ? የደሴና የኮምቦልቻ አንባቢዎች ስለ ግሪክ አማልክትና ጀግኖች ይጠይቃሉ

ባለፈው እትም ስለ ትሮይ ጦርነት አጭር ጽሁፍ አውጥተን ነበር፣ ከዛ ወዲህ ከደሴና ከኮምቦልቻ ብቻ የመጣው ጥያቄ የዚህን ወር አምድ ሙሉ በሙሉ ያዘው። ደስ ብሎናል። የሚመሳሰሉትን አንድ ላይ አድርገናቸዋል። ወደ ጥያቄው ከመግባታችን በፊት ግን አንድ ነገር ያዙልኝ፣ የግሪክ አማልክት ተረት ሁሉም የተስማማበት አንድ መጽሐፍ የለውም፣ የጥንቱ ግሪክ ገጣሚ ሆሜር እንዲህ ይላል፣ ሌላው ገጣሚ ሄሲዮድ እንዲያ ይላል፣ ከነሱ ሰባት መቶ አመት ገደማ ቆይቶ የመጣው ሮማዊው ገጣሚ ኦቪድ ደሞ የራሱን ይላል፣ ስለዚህ ቲክቶክ ላይ አንድ ነገር ስትሰሙ መጀመሪያ «ይሄን ያለው ማነው?» በሉ፣ ግማሹ ክርክር እዛው ላይ ያልቃል።

ጥያቄ፦ ሄርኩለስ አምላክ ነው ሰው? እኔ ሰው ነው ስል ጓደኛዬ አምላክ ነው ብሎ ጌም ቤት ውስጥ ልንጣላ ነበር፣ ደሞ ሌላ ልጅ መጣና ስሙ ራሱ ሄራክሊስ ነው አለን፣ በቃ ኮንፊውዝ ሆነናል። (የ11ኛ ክፍል ተማሪ፣ ከሆጤ፣ ደሴ)

መልስ፦ አብሽሩ፣ ሁለታችሁም ልክ ናችሁ፣ ሶስተኛውም ልጅ ልክ ነው። ሄራክሊስ የሚሉት ግሪኮቹ ናቸው፣ ሄርኩለስ ሮማውያን የሚጠሩበት ነው። አባቱ የአማልክቱ ንጉስ ዜውስ ነው፣ እናቱ አልክሜኔ ግን ሰው ናት፣ ስለዚህ ሲወለድ ሟች ሆኖ ነው የተወለደው። የዜውስ ሚስት ሄራ ገና በህጻንነቱ ጠምዳ ያዘችው፣ ተኝቶ እያለ ሁለት እባብ ላከችበት፣ እሱም ሁለቱንም በእጁ አንቆ ገደላቸው። ካደገ በኋላ ደሞ አሳበደችውና በእብደቱ የገዛ ልጆቹን ገደለ።

እዚህ ጋ ነው «ማነው ያለው?» የሚለው የሚመጣው። በአፖሎዶሮስ ስም የሚታወቀው የተረት ስብስብ ላይ እብደቱ መጀመሪያ ነው የሚመጣው፣ 12ቱን ስራዎች ለንጉስ ኤውሪስቴዎስ የሰራው ለዛ ጥፋት ማስተሰረያ ነው። እንደውም መጀመሪያ የታዘዘው 10 ነበር፣ ንጉሱ ግን ብዙ ራስ ያላትን ሃይድራን የወንድምህ ልጅ አግዞህ ነው የገደልካት፣ የንጉስ አውጊያስን በረት ደሞ ደሞዝ ጠይቀህ ነው ያጸዳኸው ብሎ ሁለቱን አልቆጥርም አለና 12 ሆነ። ድራማ ጸሐፊው ኤውሪፒዲስ ግን ገለበጠው፣ ሄራክሊስ ስራውን ሁሉ ጨርሶ፣ ሲኦል ድረስ ወርዶ ባለ ሶስት ራሱን ውሻ አውጥቶ፣ ቤቱ ገብቶ ልጆቹን ካቀፈ በኋላ ነው የሚያብደው። ለኔ የኤውሪፒዲስ ይበልጣል፣ አለሙን ሁሉ ከአውሬ ያዳነ ሰው የራሱን ቤት ማዳን ሲያቅተው ማየት በጣም ያማል። የሸህ ሁሴን ጅብሪልን ግጥም አንድ ሽማግሌ ጋ የሰማ ሰው ሌላ ሽማግሌ ጋ ሲሰማው ስንኙ ተለውጦ ያገኘው የለ? የግሪኮቹም እንደዛው ነው፣ በቃል ሲወርድ የኖረ ነገር በየአፉ ይለያያል።

ወደ ክርክራችሁ ስንመለስ፣ ሚስቱ ዴያኔራ ፍቅር ይመልሳል ብላ መርዝ መሆኑን ሳታውቅ ደም የተቀባ ልብስ ላከችለት፣ ልብሱ ገላው ላይ ተጣብቆ ሲያቃጥለው ኦይታ ተራራ ላይ እንጨት አስከምሮ ራሱን አቃጠለ፣ ከዛ የአማልክቱ መኖሪያ ወደሆነው ወደ ኦሊምፖስ ተራራ ወጣና አምላክ ሆነ፣ ሄቤ የምትባል አምላክም አገባ። የሆሜር ግጥም ኦዲሴ 11ኛው ክፍል ላይ ጀግናው ኦዲስየስ ሙታን ሀገር ሄዶ ሄራክሊስን ያየዋል፣ ግን ያየው ጥላውን ነው፣ ራሱ ከአማልክቱ ጋር ግብዣ ላይ ነው ይላል። አያችሁ፣ ሆሜር ጋ ራሱ ሁለት ቦታ ነው ያለው።

ጥያቄ፦ የጅቡቲ መስመር ሹፌር ነኝ። ሜምኖን የሚባል የኢትዮጵያ ንጉስ 10 ሺህ ጦር ይዞ ትሮይ ላይ ተዋግቷል፣ ፈረንጆች ደብቀውን ነው የሚል ቪዲዮ አይቼ ለልጆቼ ነገርኳቸው፣ ትልቋ ልጄ ደሞ ተረት ነው አለችኝ። እውነቱ የቱ ነው? ዜውስስ ኢትዮጵያ መጥቷል የሚባለው? (ከኮምቦልቻ)

መልስ፦ ወንድሜ፣ ማንም አልደበቀውም፣ ግሪኮቹ ራሳቸው ናቸው ደጋግመው የጻፉት። ከዜውስ ልጀምር። ስለ ትሮይ ጦርነት የሚተርከው የሆሜር ግጥም ኢሊያድ መጀመሪያው ክፍል ላይ የግሪኮቹ ጀግና አኪሊስ ሲያለቅስ እናቱ ቴቲስ፣ ዜውስ አሁን የለም፣ ትናንት ከአማልክቱ ሁሉ ጋር ነቀፋ የሌለባቸው ኢትዮጵያውያን ጋ ለግብዣ ሄዷል፣ በ12ኛው ቀን ይመለሳል ትለዋለች። ኦዲሴም ሲጀምር የባህር አምላኩ ፖሲዶን ኢትዮጵያ ነው፣ የበሬና የበግ መስዋእት ላይ ተቀምጧል፣ አማልክቱ ኦዲስየስን ወደ ቤቱ ለመመለስ የተማከሩት ፖሲዶን በሌለበት ነው። ሆሜር ግን እነዚህን ሰዎች የሚያስቀምጣቸው የአለም ዳርቻ ላይ ነው፣ ለሁለት የተከፈሉ ናቸው፣ ግማሾቹ ጸሐይ መውጫ ግማሾቹ ጸሐይ መግቢያ። ካርታ ላይ የሚገኝ ቦታ አይደለም። ከሱ በኋላ የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ ኢትዮጵያ ሲል በአብዛኛው ከግብጽ በስተደቡብ ያለውን፣ ዋና ከተማው መርዌ የሆነውን፣ ዛሬ ሱዳን የምንለውን ሀገር ነው። ስለዚህ ከዛሬው ካርታ ጋር አንድ አድርገህ አትያዘው።

ሜምኖን ደሞ የንጋት አምላክ የኤኦስ ልጅ ነው፣ አባቱ ቲቶኖስ የትሮይ ልኡል ነው፣ ስለዚህ ትሮይን ሊረዳ የሄደው አጎቱን ንጉስ ፕሪያሞስን ብሎ ነው። 10 ሺህ የሚለው ቁጥር የመጣው ከታሪክ ጸሐፊው ከዲዮዶሮስ ነው፣ እሱ ግን 10 ሺህ ኢትዮጵያውያንና ያንኑ ያህል የሱሳ ሰው፣ 200 ሰረገላም ይላል፣ የላከውም የአሦር ንጉስ ነው ይላል። ሱሳ ፋርስ ውስጥ ነው። ቪዲዮው ይሄን ግማሹን ቆርጦ ነው ያወራልህ። ኢሊያድ ውስጥ ሜምኖን የለም፣ ታሪኩ የነበረበት ግጥም ኤቲዮፒስ ይባል ነበር፣ ጠፍቷል፣ አጭር ማጠቃለያው ብቻ ነው የተረፈው። ኦዲሴ ላይ ግን ስሙ ይነሳል፣ ኦዲስየስ ስለ አንድ ቆንጆ ወጣት ሲያወራ ከሜምኖን ቀጥሎ እንደሱ ያማረ አላየሁም ይላል።

አሁን ለልጆችህ ልትነግራቸው የሚገባውን ልንገርህ። ከግሪኮቹ ወገን የሆነው ሽማግሌው ኔስቶር ጦር ሜዳ ላይ ፈረሱ በቀስት ተመትቶ ሰረገላው ቆመበት፣ ሜምኖን ጦሩን አነጣጥሮ ይመጣበታል፣ ሽማግሌው ልጁን አንቲሎኮስን ጮሆ ጠራ። ልጁ አልሸሸም፣ መሀል ገባና አባቱን አስመለጠ፣ እሱ እዛው ቀረ። ይሄን የሚነግረን ገጣሚው ፒንዳር ነው። አንቲሎኮስ ደሞ የአኪሊስ ወዳጅ ነበር፣ ስለዚህ አኪሊስ ተነሳ። የአኪሊስም የሜምኖንም እናት አምላክ ናት፣ የሁለቱንም የጦር ልብስ የሰራው የአማልክቱ አንጥረኛ ሄፌስቶስ ነው፣ ሁለቱ እናቶች ቴቲስና ኤኦስ ዜውስ ፊት ቆመው ይለምናሉ፣ ዜውስ የሁለቱን ነፍስ ሚዛን ላይ አደረገ፣ የሜምኖን ወረደ፣ ሟቹ እሱ ሆነ። ፓሪስ ሉቭር ሙዚየም ውስጥ ከ2,400 አመት በላይ የሆነው አንድ ጽዋ አለ፣ ዱሪስ የሚባል ሰአሊ የሳለው፣ ክንፍ ያላት ኤኦስ ጎንበስ ብላ የልጇን ሬሳ በሁለት እጇ ታነሳለች፣ እግሩ ተንዘላዝሏል፣ ጸጉሩ ወደ መሬት ወርዷል። ኦቪድ ደሞ እስከዛሬ ድረስ ማለዳ ማለዳ የሚወርደው ጤዛ የሷ እንባ ነው ይላል። ልጅህ ተረት ነው ማለቷ ልክ ነው፣ ግን ግሪኮች የትልቁን ጀግናቸውን እኩያ ሲፈልጉ ከኢትዮጵያ ማምጣታቸው ተረት አይደለም፣ ያ የተጻፈ ነገር ነው፣ ሁለቱንም ንገራት።

ጥያቄ፦ ደሴ የታሪክ መምህር ነኝ። ተማሪዎቼ «የኛ ሰዎች እነዚህን አማልክት ያውቋቸው ነበር?» ብለው ጠየቁኝ። ኢዛና አሬስን ጠቅሷል ሲባል ሰምቻለሁ፣ ቢብራራ። (ከቧንቧ ውሃ)

መልስ፦ መምህር፣ ተማሪዎችዎን አመስግኑልኝ፣ ይሄ ጥያቄ ከሁሉም በላይ የደስታ ነው። አክሱም ያለው የኢዛና ድንጋይ አንዱን ታሪክ በግእዝም፣ በሳባ ፊደልም፣ በግሪክም ነው የሚነግረን፣ በቤጃዎች ላይ ስላደረገው ዘመቻ ነው። በሀገር ቋንቋው ማህረም የሚባለው የንጉሱ አምላክ በግሪኩ ጽሁፍ ላይ አሬስ ተብሎ ነው የገባው፣ ኢዛና «የማይሸነፈው የአሬስ ልጅ» ነኝ ይላል፣ ለምስጋናም አንድ የወርቅ፣ አንድ የብርና ሶስት የነሀስ ሀውልት አቆምኩ ይላል። ግሪክ የሚያነበው ነጋዴ እንዲገባው የጦርነት አምላካቸውን በግሪኮቹ የጦርነት አምላክ ስም ጠሩት ማለት ነው። እዛው ግሪኩ ላይ ንጉሱ ከሚገዛቸው ህዝቦች መሀል ኢትዮጵያውያን የሚለው ስም አለ፣ በ4ኛው ክፍለ ዘመን አክሱሞች ራሳቸው ያጻፉት ነው፣ ለሹፌሩ ወንድማችን ጥያቄም ይሄ ቢጨመርለት ጥሩ ነው። ኋላ ክርስቲያን ሲሆን ደሞ ሌላ የግሪክ ጽሁፍ አስቀርጿል፣ እዛ ላይ አሬስ የለም፣ አብ ወልድ መንፈስ ቅዱስ ነው ያለው።

ከሱ የሚበልጠው አዱሊስ ነው። በ6ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ኮስማስ የሚባል ነጋዴ አዱሊስ ወደብ ነበር፣ ንጉስ ካሌብ እዛ ያለውን የእብነበረድ ዙፋን ጽሁፍ ገልብጣችሁ ላኩልኝ ብሎ የከተማዋን ገዢ አዘዘና ስራው ለኮስማስ ተሰጠው። ዙፋኑ ዛሬ የለም፣ ጽሁፉ ኮስማስ ስለገለበጠው ብቻ ነው የተረፈው። ስሙ ያልታወቀ የአክሱም ንጉስ ነው የሚናገረው፣ ያሸነፋቸውን ሀገሮች ቆጥሮ ሲያበቃ አዱሊስ ወርጄ በባህር ለሚሄዱት ሰዎች ብዬ ለዜውስ፣ ለአሬስና ለፖሲዶን ሰዋሁ ይላል። ከዙፋኑ ጀርባ ደሞ የሄራክሊስና የሄርሜስ ምስል ተቀርጾ ነበር። ኮስማስና ጓደኛው ቆመው ይሄ ምን ማለት ነው ተባባሉ፣ ጓደኛው ሄራክሊስ የጉልበት፣ ሄርሜስ የሀብት ምልክት ነው አለ፣ ኮስማስ የለም ሄርሜስ የንግግር ነው፣ የሐዋርያት ስራ ላይ ጳውሎስን ተናጋሪ ስለነበረ ሄርሜን ብለውታል ብሎ መለሰ። ሁለት ክርስቲያን ነጋዴዎች ቀይ ባህር ዳር፣ በኛ ንጉስ ዙፋን ፊት፣ ስለ ሄራክሊስ ሲከራከሩ ማለት ነው! ክፍል ውስጥ ያንብቡላቸው።

ጥያቄ፦ ልጄ ሰንበት ትምህርት ቤት የሚያገለግል ጨዋ ልጅ ነው፣ አሁን ግን ስልኩ ላይ ሌት ተቀን ዜውስ አፖሎ እያለ ነው የሚያነበው። ጣኦት አይሆንበትም ወይ? ልከልክለው? (እናት፣ ከሸዋ በር)

መልስ፦ እትዬ፣ ጭንቀትዎ ይገባኛል፣ እናት ነዎት። የነፍሱን ነገር ከንስሀ አባቱ ጋር ቢመክሩ ይሻላል፣ እኔ የማውቀውን ግን ልንገርዎት። አሁን የተረኩልዎት ኮስማስ የጠቀሰው ቦታ የሐዋርያት ስራ ምእራፍ 14 ነው፣ ልስጥራን ላይ ሽባው ሰው ሲነሳ ህዝቡ በርናባስን ድያ ጳውሎስን ሄርሜን አሉት ይላል፣ ድያ ዜውስ ነው። ምእራፍ 19 ላይ ኤፌሶን ውስጥ «የኤፌሶን አርጤምስ ታላቅ ናት» እያሉ ሁለት ሰአት የጮሁላት የአፖሎ እህት ናት። ጳውሎስ አቴና ላይ የሰበከበት አርዮስፋጎስም የአሬስ ኮረብታ ማለት ነው። ልጅዎ እነዚህን ታሪኮች ሲያውቅ ሐዋርያቱ ከምን ጋር እንደተጋፈጡ ይበልጥ ይገባዋል።

ደሞ ቅዱስ ባስልዮስ ራሱ ለወጣቶች የግሪክን ጽሁፍ እንዴት ማንበብ እንዳለባቸው የጻፈው አለ። አታንብቡ አላለም፣ ንብ ከአበባው የሚጠቅማትን ብቻ ወስዳ ሌላውን እንደምትተወው አድርጉ ነው ያለው፣ ሄራክሊስ ወጣት ሳለ በምግባርና በምቾት መንገድ መሀል ቆሞ የመረጠበትን ታሪክም ጠቅሶላቸዋል። የሆሜርን ግጥም በእጅ እየገለበጡ ለኛ ያደረሱትም የቢዛንታይን ክርስቲያኖች ናቸው። ስለዚህ አይከልክሉት፣ ማታ ማታ ምን አነበብክ ብለው ይጠይቁት እንጂ፣ አማልክቱ ሲዋሹ ሲሰርቁ ሲቀናኑ እየሰማ ማንን እንደሚያመልክ ራሱ ያመዛዝናል። ይሄኑ ጥያቄ ሁለት ሙስሊም እናቶችም ልከውልናል፣ ለነሱም የሃይማኖቱን ነገር ሼካቸውን ይጠይቁ እያልን፣ ተረቱ ግን የድሮ ሰው እምነት ተብሎ እንደ ታሪክ የሚነበብ ነው።

ጥያቄ፦ ካሲዮፒያ የምትባል የኢትዮጵያ ንግስት ኮከብ ላይ አለች ይባላል፣ ከዚህ ትታያለች? (ሁለት እህትማማቾች፣ ከኮምቦልቻ፣ ቦርከና አካባቢ)

መልስ፦ እህቶቼ፣ ቤተሰቡ በሙሉ ነው የሚታየው! ጨረቃ በሌለችበት የህዳር ምሽት፣ ከምሽቱ 3 ሰአት አካባቢ፣ መብራት ከሚበዛበት ራቅ በሉ፣ ከኮምቦልቻ ወደ ሐረጎ ወጣ ብትሉ ወይ መብራት ሲጠፋ ግቢያችሁ ውስጥም ይሆናል። ፊታችሁን ወደ ሰሜን አዙሩ። የሰማዩ ወገብ ላይ ሊደርስ ትንሽ ሲቀረው አምስት ኮከቦች ዚግዛግ ሰርተው ታያላችሁ፣ ካሲዮፒያ እሷ ናት። ከሷ በስተግራ ደብዘዝ ያለው ባሏ ንጉስ ኬፌዎስ ነው፣ በስተቀኝ ፐርሲየስ ነው፣ እጃችሁን ዘርግታችሁ ከካሲዮፒያ አንድ ስንዝር ያህል ወደ ላይ ስትሄዱ ልጃቸው አንድሮሜዳ ናት። እዛ አካባቢ እንደ ጭስ ደመቅ ያለች ትንሽ ነገር ካያችሁ እሷ የአንድሮሜዳ ጋላክሲ ናት፣ ብርሃኗ እኛ ጋ ለመድረስ 2.5 ሚሊዮን አመት ገደማ ፈጅቶበታል፣ ያለ መነጽር የሚታይ ከዚህ የራቀ ነገር አለ ማለት ይከብዳል። ዞር ብላችሁ ወደ ደቡብ ስታዩ ደሞ የባህሩ አውሬ ኬቶስ አለ።

ታሪኩ አጭር ነው፣ ካሲዮፒያ ከባህር ልጃገረዶች እበልጣለሁ (በልጄ ነው ያለችው የሚሉም አሉ) ብላ ፎከረች፣ ፖሲዶን ተቆጥቶ ጎርፍና አውሬ ላከ፣ ልጅቷን ካልሰጣችሁ አይለቃችሁም ተባለ፣ አንድሮሜዳ ድንጋይ ላይ ታሰረች፣ ያያትን ድንጋይ የምታደርገውን የሜዱሳን ራስ ቆርጦ የሚመለሰው ጀግናው ፐርሲየስ ደረሰና አውሬውን ገድሎ አገባት። ቦታው የት ነው ስትሉ እዚህም ክርክር አለ፣ ብዙዎቹ ኢትዮጵያ ይላሉ፣ ሌሎቹ ያፋ ማለትም ኢዮጴ ነው ብለው የታሰረችበትን ድንጋይ ሁሉ ያሳያሉ። የአውሮፓ ሰአሊዎች ነጭ አድርገው ነው የሚስሏት፣ ኦቪድ ግን የሀገሯ መልክ ያላት ጠይም ናት ብሎ ጽፏል፣ ይሄን ያዙ።

ፐርሲየስ በእጁ የያዘው የሜዱሳ ራስ ላይ አልጎል የሚባል ኮከብ አለ፣ በ2 ቀን ከ21 ሰአት ገደማ አንዴ ደብዝዞ ተመልሶ ይደምቃል፣ ምክንያቱ ሁለት ኮከቦች እየተዟዟሩ አንዱ አንዱን ስለሚጋርደው ነው፣ ተከታታይ ምሽት ብታዩት ልዩነቱ በአይን ይለያል። አንድ ነገር ደሞ ልጨምር፣ ግሪኮች ካሲዮፒያ ለትእቢቷ ቅጣት ወንበሯ ላይ እንዳለች እየተዘቀዘቀች ሰማዩን ትዞራለች ይላሉ፣ ዛሬ ከሀገራቸው ስትታይ አትጠልቅም፣ በሰሜን ኮከብ ዙሪያ ስትገለባበጥ ትታያለች። እኛ ሰማይ ላይ ግን ከአድማስ በታች ትገባለች፣ ተዘቅዝቃ ከኮምቦልቻ አትታይም።

ጥያቄ፦ ለጠቅላላ እውቀት ውድድር ነው፣ የ12ቱ የኦሊምፖስ አማልክት ስም ከነሮማዊው በአጭሩ። (ከፒያሳ፣ ደሴ)

መልስ፦ ዜውስ ጁፒተር፣ ሄራ ጁኖ፣ ፖሲዶን ኔፕቱን፣ ዲሜትር ሴሬስ፣ አቴና ሚኔርቫ፣ አፖሎ እዛም አፖሎ፣ አርጤምስ ዲያና፣ አሬስ ማርስ፣ አፍሮዲቴ ቬነስ፣ ሄፌስቶስ ቩልካን፣ ሄርሜስ መርኩሪ፣ 12ኛው ላይ አንዳንዱ ሄስቲያን (ቬስታ) አንዳንዱ ዳዮኒሰስን (ባኩስ) ያስገባል። ሀዲስ የሙታን ሀገር ስለሚኖር ብዙ ጊዜ አይቆጠርም፣ ውድድር ላይ ተሳስተው የሚወድቁት እሱ ላይ ነው።

ጥያቄ፦ ኢሊያድን በእንግሊዝኛ ከስልኬ ላይ አውርጄ ታግዬ ጨረስኩት፣ የእንጨቱ ፈረስ ግን የለም፣ የአኪሊስ ተረከዝም የለም። የተቆረጠ ፋይል ነው እንዴ ያወረድኩት? (የዩኒቨርሲቲ ተማሪ፣ ደሴ)

መልስ፦ ሙሉውን ነው ያነበብከው፣ ጎበዝ፣ ብዙ ሰው ሳይጨርስ ነው የሚያወራው። ኢሊያድ ከአስር አመቱ ጦርነት ጥቂት ሳምንት ብቻ ነው የሚይዘው፣ የሚያልቀውም በትሮዩ ጀግና በሄክቶር ቀብር ነው፣ አኪሊስ ገና በህይወት አለ፣ ከተማዋም አልወደቀችም። ተረከዙን ከሆሜር አታገኘውም፣ ቴቲስ ልጇን የሙታን ሀገር ወንዝ ስቲክስ ውስጥ ነከረችው የሚለው ከሆሜር ብዙ መቶ አመት በኋላ፣ በ1ኛው ክፍለ ዘመን በኖረው ሮማዊ ገጣሚ በስታቲየስ ላይ ነው የምናየው። ፈረሱ ኦዲሴ ላይ ነው ያለው፣ 4ኛው ክፍል ላይ ሄለን በፈረሱ ዙሪያ ሶስቴ እየዞረች፣ ውስጥ የተደበቁትን ወንዶች በየሚስቶቻቸው ድምጽ ስትጠራቸው፣ ኦዲስየስ ደሞ ሊመልስ የነበረውን አንዱን አፉን በእጁ አፍኖ ሲይዘው ታገኛለህ፣ 8ኛው ላይ ደሞ አይነ ስውሩ አዝማሪ ሲዘፍነው ኦዲስየስ ራሱ እየሰማ ያለቅሳል። ከትሮይ ሰዎች በኩል ሆነህ፣ ከተማዋ ስትቃጠል ማየት ከፈለክ የሮማዊው ገጣሚ የቨርጂል ግጥም ኢኒድ 2ኛው ክፍል ነው። በዚህ ቅደም ተከተል አንብበውና የቱ ላይ እንደከበደህ ጻፍልን።